ሰባት ቀን በጎጃም፦ መጨረሻው ካልተጻፈ የጦርነት ድራማ ጋር

እሑድ፣ ጥር 17 ቀን 2012 ዓ.ም.፤ ከአዲስ አበባ እስከ ቢቸና

ጎህ ሳይቀድ ከአዲስ አበባ የወጣነው አራት ነበርን፤ የካሜራ ባለሙያው፣ የአልባሳት ኃላፊዋ፣ ሾፌራችንና እኔ። እኔ ታሪካዊ የጦርነት ድራማ እጽፋለሁ፤ የጻፍኩትንም ራሴ ፕሮዲዩስ አደርጋለሁ። እነዚህ ሁለት ሥራዎች በአንድ ራስ ውስጥ ሲገናኙ ሰላም የላቸውም። ጸሐፊው «ሦስት ሺህ አርበኛ ከጋራው ይወርዳል» ብሎ በአንድ መስመር ያሰፈረውን፣ ፕሮዲዩሰሩ ሦስት ሺህ ምሳ፣ ሦስት ሺህ ቁምጣና ሦስት ሺህ ጥንድ እግር አድርጎ ያነበዋል፤ የሚጽናናው እግሩ ባዶ በመሆኑ ብቻ ነው።

አሁን በእጄ ያለው ሥራ ጎጃም በአምስቱ ዓመት የጣልያን ወረራ ስላደረገው ተጋድሎ ነው። ስምንት ክፍል እንዲኖረው ታስቦ ሰባቱ ተጽፏል፤ ስምንተኛው ግን ከአንድ ዓመት በላይ ባዶ ወረቀት ሆኖ ተቀምጧል። ምክንያቱ ስንፍና ብቻ አይደለም። የድራማው መጨረሻ መጋቢት 28 ቀን 1933 ዓ.ም. ነው ካልኩ፣ ንጉሠ ነገሥቱ ደብረ ማርቆስ ይገባሉ፣ ሰንደቅ ዓላማ ይሰቀላል፣ ተመልካቹም ደስ ብሎት ይተኛል። መጨረሻው ጥር 1937 ዓ.ም. ነው ካልኩ ግን፣ ዋናው ገጸ ባሕርይ ደጃዝማች በላይ ዘለቀ አዲስ አበባ ላይ በስቅላት ይቀጣል፤ ያውም ለጣልያን አድሮ ከነበረው ከማሞ ኃይሉ ጋር አብሮ። አምስት ዓመት በዱር በገደል ጠላትን የተዋጋ ሰውና ለዚያው ጠላት ያደረ ሰው ገመድ ላይ ጎን ለጎን የተንጠለጠሉበትን ትዕይንት የፈጠርኩት እኔ ብሆን ኖሮ፣ «ይህስ በጣም ተጋነነ» ብሎ የሚመልስልኝ አንባቢ በበዛ ነበር። ረቂቁን የሚያነቡልኝ ወዳጆቼ በዚህ ጉዳይ በሁለት ተከፍለዋል። ገንዘብ የሚያወጡት ግን አልተከፈሉም፤ ሁሉም ሰንደቅ ዓላማውን መርጠዋል።

ጎሐ ጽዮንን አልፈን የዓባይን ቁልቁለት ስንጀምር የአልባሳት ኃላፊዋ ጋቢዋን አወለቀች፤ ድልድዩ ጋ ስንደርስ ደግሞ ሹራቧን። ከአንድ ሺህ ሜትር በላይ በሚወርደው በዚህ ገደል ላይ ቅዝቃዜው በአንድ ሰዓት ውስጥ ወደ ሐሩር ይለወጣል። በስክሪፕቴ ላይ ከደጋ ወርዶ መሻገሪያ የሚጠብቀው አርበኛ ካባ እንደ ደረበ መኖሩን ያስታወሰችኝ እሷ ናት። «እዚህ ካባ የለበሰ ሰው ወይ ታሟል ወይ ሞኝ ነው» አለችና በማስታወሻዋ ላይ ሰረዘችው።

ከ2001 ዓ.ም. ወዲህ ተሽከርካሪ የሚያስተላልፈው በጃፓን ዕርዳታ የተሠራው አዲሱ ድልድይ ነው፤ አሮጌው ጎኑ ቆሟል። ጥበቃዎቹ ፎቶ ማንሳት ስለማይፈቅዱ ካሜራችንን አልነካንም፤ ማዶ ወጥተን ከደጀን በኩል ካለው ጠርዝ ላይ ቆመን ቁልቁል ተመለከትን። ያን ያህል መንገድ የመጣሁት በከፊል ይህን ለማየት ነው። በ1933 ዓ.ም. መጋቢት መጨረሻ ላይ የጣልያኑ ኮሎኔል ማራቬንታኖ በሺዎች የሚቆጠር ጦሩን ይዞ ደብረ ማርቆስን ሲለቅ ዓባይን የተሻገረው በዚሁ አካባቢ፣ በሸፋርታክ በኩል ነበር። አርበኞቹን ይረዱ የነበሩት እንግሊዞች መሻገሪያውን በላይ ይዘጋዋል ብለው ጠብቀው ነበር፤ አልተዘጋም። ከእነሱ ወገን የነበሩ ሰዎች ለጣልያን ያደሩት ራስ ኃይሉ በላይን በተስፋ ቃል አታልለውት ነው ብለው ጻፉ። ማራቬንታኖ ከዓባይ ማዶ ግንቦት 15 ቀን እጁን እስኪሰጥ ድረስ ከአንድ ወር በላይ ተዋግቷል። እኔ የጻፍኩት ስድስተኛው ክፍል በዚህ መሻገሪያ ላይ ያበቃል፤ ያበቃል ማለቴ ይቆማል ለማለት ነው፤ በላይ ገደሉ አፋፍ ላይ ተቀምጦ ጦሩ ሲያልፍ ያያል። ለምን እንደ ተቀመጠ አልጻፍኩም፤ አላወቅሁማ።

ማታ ቢቸና ገባን። የበላይ አገር ነውና በእያንዳንዱ ቤት ስለ እሱ የሚነገር አለ፤ ተከታዮቹን ደጃዝማች፣ ፊታውራሪ፣ ቀኛዝማች እያለ ሲሾም፣ «አንተስ ምን ትባል?» ቢሉት፣ «እናቴ በላይ ብላ ስም አውጥታልኛለች፤ ከበላይ በላይ ምን አለ?» አለ የሚለውን በዚያች አንድ ማታ ብቻ ሦስት ጊዜ ሰማሁት፤ ሦስቱም አነጋገራቸው የተለያየ ነው። እኔ ግን የመጣሁት በወረራው ጊዜ ልጅ የነበሩ አንዲት እናት ዘንድ ነው። ዕድሜያቸው ዘጠና ይጠጋል፤ ጆሯቸው ደክሟል፤ ጥያቄዬን የልጅ ልጃቸው እየጮኸች ታደርስልኛለች።

«እማማ፣ ውጊያ አይተው ያውቃሉ?» አልኳቸው።

«ውጊያ ምኑ ይታያል ልጄ? ጭስ ነው፤ ጩኸት ነው። እኔ ያየሁት ወፍጮ ነው» አሉኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። በዱር ላለው አርበኛ በሶና ድርቆሽ የምታሰናዳው እናታቸው ሌሊት ሌሊት ትፈጭ ነበር። ለባንዳ የሚያወራ ጎረቤት ደግሞ የወፍጮ ድምፅ ይቆጥራል፤ ሦስት ሰው በሚበላበት ቤት ሌሊቱን ሙሉ ሲፈጭ ካደረ፣ እህሉ ለማን ነው? ስለዚህ የመንደሩ ሴቶች ተሰብስበው የሰርግ ዘፈን እየዘፈኑ በቀን መፍጨት ጀመሩ። «ያን ዓመት በእኛ አገር ሙሽራው በዛ» አሉና ሳቁ፤ «አንድም ሙሽራ ግን አላየንም።»

በሰባቱ ክፍሎች ውስጥ አሥራ አንድ የውጊያ ትዕይንት አለኝ። ወፍጮ አንድም የለም።

ሰኞ፣ ጥር 18፤ ዲማ

የዛሬው ዕለት የቅዱስ ጊዮርጊስ ዝርወተ ዓፅሙ ነው፤ ዲማ ጊዮርጊስ ለመሄድ ከዚህ የተሻለ ቀን አልነበረም። ያሰብኩት የድሮ ሕንፃና ግቢ ለማየት ነበር፤ ይህን የካሜራ ባለሙያው በአንድ ሰዓት ጨረሰው። እኔ ደበሎ ለብሰው አኮፋዳ ያነገቱትን የቆሎ ተማሪዎች እየተከተልኩ አንድ የቅኔ መምህር ዘንድ ደረስኩ፤ ቀኑም እዚያው መሸ።

ያስቸገረኝ ነገር የገጸ ባሕርያቴ ንግግር ነው። የጦርነት ድራማ ስንጽፍ ሰዎቻችን የሚያስቡትን ሁሉ ይናገራሉ፤ አርበኛው «ለአገሬ እሞታለሁ» ይላል፣ ባንዳው «ለገንዘብ እሸጣለሁ» ሊል ምንም አይቀረው። በወረራ ዘመን እንዲህ የተናገረ ሰው ማግስቱን አያይም ነበር። የኔታ ይህን ስነግራቸው ብዙም አልገረማቸውም። ቅኔ ሲቆጠር ሰሙን ሁሉም እንደሚሰማ፣ ወርቁን ግን የሚያገኘው ባለቤቱ ብቻ እንደሆነ ነገሩኝ፤ ይህን ሁላችንም ትምህርት ቤት ተምረነዋል። ቀጥለው የጨመሩት ግን አዲስ ሆነብኝ፦ ጥሩ ባለቅኔ የሚታወቀው ወርቁን በመደበቁ ሳይሆን ሰሙን ባለማዋረዱ ነው። ሰሙ ብቻውን ቆሞ የማይሄድ ከሆነ ሰላዩ ወዲያው ያውቃል፤ ከሥሩ ሌላ ነገር እንዳለ ይጠረጥራልና። ለአስተርጓሚ የሚነገር ቃል ሰሙ የሞላ መሆን አለበት።

ከዚያ ስለ ሸፋርታክ መሻገሪያ ጠየቅኋቸው። ቢቸና ላይ በላይን ማን አታለለው ብሎ በቀጥታ መጠየቅ የእንግዳ ወግ አይደለም፤ እኔም ዙሪያ ጥምጥም ሄጄ «ያን ጊዜ ጠላትን ማን አሻገረው ይላሉ?» አልኩ። የኔታ ጥቂት ዝም ብለው መቋሚያቸውን አዟዟሩና በአማርኛ እንዲህ አሉኝ፦

ማን አሻገረው ብላችሁ ሰውን አታስጨንቁ፣
አባይ ነው ጠላት ያሻገረ፤ ውረዱና እሱን ጠይቁ።

ተማሪዎቹ ሳቁ። እኔ ለመሳቅ ጥቂት ዘገየሁ። ሰሙ ወንዙ ነው፤ መጋቢት ላይ ውኃው ጎድሎ ጠላት ተሻገረ፤ ማንም ሊቆጣ አይችልም። ወርቁ ሐሰተኛው ነው፤ «አባይ» ዋሾም ነውና፣ ጠላትን ያሻገረው የሐሰት ተስፋ የሰጠው ሰው ነው። ይህን ካገኘሁ በኋላ ደስ ብሎኝ ልነሣ ስል አንድ ትንሽ ተማሪ ሌላም እንዳለው በትሕትና ነገረኝ፦ በላይን አሻገረ ብሎ የሚከስሰው ራሱ አባይ ነው። ሦስቱም ሰው በአንዲት መስመር ውስጥ ተቀምጠዋል፤ የኔታም የትኛውን እንደሚያምኑ አልነገሩኝም። ስድስተኛውን ክፍል የምጨርሰው በዚህ ነው። ቅኔውን ገደሉ ሥር አንድ አዝማሪ ለጣልያን መኮንኖች ይዘፍነዋል፤ አስተርጓሚው ወንዙን ይተረጉምላቸዋል፤ እነሱም ያጨበጭባሉ።

ማክሰኞ፣ ጥር 19፤ ደብረ ማርቆስ

ከአዲስ አበባ 300 ኪሎ ሜትር ያህል የምትርቀው ደብረ ማርቆስ ቀድሞ መንቆረር ትባል ነበር፤ የአሁኑን ስሟን ያገኘችው ከቤተ ክርስቲያኗ ነው። እዚህ የመጣነው የንጉሥ ተክለ ሃይማኖትን ቤተ መንግሥት ለማየት ነው። የካሜራ ባለሙያው መስኮቶቹንና ብርሃኑን ሲለካ፣ እኔ በግቢው ውስጥ እየተዘዋወርኩ ይህ አንድ ቤት ስንት የጦርነት ድራማ እንደሚወጣው አሰላስል ነበር። ራስ አዳል ይባሉ የነበሩት እኚህ ሰው በ1873 ዓ.ም. በዐፄ ዮሐንስ 4ኛ እጅ ነገሡ፤ በ1874 ዓ.ም. እምባቦ ላይ በምኒልክ ጦር ድል ሆነው ተማረኩ፤ በ1880 ዓ.ም. ሳር ውሃ ላይ የሱዳን ደርቡሽ ጦራቸውን ፈታው፤ በ1888 ዓ.ም. ደግሞ ከዚያው እምባቦ ላይ ከማረካቸው ምኒልክ ጋር ተሰልፈው ዓድዋ ዘመቱ። ከእነዚህ ሁሉ ለዓድዋው ብቻ ነው ገንዘብ የሚገኘው። ለእምባቦ የሚከፍል ሰው ፈልጌ አላገኘሁም፤ እርስ በርስ የተዋጋንበትን ጦርነት ለማየት ትኬት የሚቆርጥ የለም ይሉኛል። እኔ ይቆርጣል ባይ ነኝ፤ ግን እስካሁን በራሴ ገንዘብ አልሞከርኩትም።

ከንጉሡ ልጆች አንዱ ራስ ኃይሉ ናቸው፤ በእኔ ስክሪፕት ውስጥ ክፉው ሰው። በ1924 ዓ.ም. ከልጅ ኢያሱ ማምለጥ ጋር ተያይዘው ታሰሩ፤ በ1928 ዓ.ም. መንግሥት ሲፈርስ ከእስር ወጡ፤ ለጣልያንም አደሩ። የሁለት ወንድሞቻቸው ልጆች ነጋሽ በዛብህና ኃይሉ በለው ግን አርበኞች ሆኑ። የዚህኛው የኃይሉ ወንድም ገሠሠ በለው ደግሞ፣ ራስ እምሩ የጎጃምን ጦር ይዘው ወደ ሽሬ ሲዘምቱ ከመንገድ ተመልሶ በዚሁ በጎጃም ሸፈተ። አጎት፣ የወንድም ልጅ፣ ወንድም፤ ሁሉም ከአንድ መሶብ የበሉ ናቸው።

በግቢው ጥላ ሥር ተቀምጬ ሦስተኛውን ክፍል እንደገና አነበብኩት። ራስ ኃይሉ በገቡበት ትዕይንት ሁሉ «በተንኮል ፈገግ ብለው» የሚል መመሪያ ለተዋናዩ ጽፌያለሁ፤ ቆጠርኩት፣ ዘጠኝ ቦታ ነው። በአባታቸው ቤት የአባታቸውን ዙፋን ሲጠብቁ ኖረው፣ ታስረው፣ በሸመገሉበት ዘመን አንድ የባዕድ መንግሥት «የአባትህ አገር ያንተ ነው» የሚላቸው ሰው ለምን ፈገግ ይላል? ሊያለቅስ የሚቀርበው ነው። ይህን ማለቴ ለእሳቸው ጥብቅና ለመቆም አይደለም፤ ያደረጉት የሚታወቅ ነው። ነገር ግን ክህደቱ ምን ያህል እንዳጓጓቸው ካላሳየሁ፣ የወንድማቸው ልጅ ነጋሽ እምቢ ማለቱ ምን ያህል እንደ ከበደው ማሳየት አልችልም። ዘጠኙንም ፈገግታ ሰረዝኩ።

ረቡዕ፣ ጥር 20፤ ደምበጫ

የጨረቃ ወንዝ ስሙ ለፊልም ርዕስ የተሠራ ይመስላል። ውጊያው የተደረገው የካቲት 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ነው። ንጉሠ ነገሥቱ ጥር 12 ቀን በኦሜድላ በኩል ከሱዳን ከገቡ በኋላ፣ ጌዴዎን በሚል ስም የተሰየመው የእንግሊዛዊው ኮሎኔል ዊንጌት ጦር ወደ ቡሬ ሲገፋ፣ ቡሬ የነበረው የጣልያኑ ኮሎኔል ናታሌ ጦር ምሽጉን ለቆ ወደ ደምበጫ አፈገፈገ። በመንገዱ ላይ ደግሞ ሁለተኛው የኢትዮጵያ ባታሊዮን ሰፍሮ ነበር። በመቶዎች የሚቆጠሩ ሰዎች፣ በሺዎች በሚቆጠር የሚሸሽ ጦር ፊት ሳያስቡት ተገኙ። ብዙ ሰው አለቀባቸው፤ ብዙም ገደሉ።

ይህን ውጊያ ከሌሎቹ አስበልጬ የምወደው በተዋጊዎቹ ማንነት ነው። የባታሊዮኑ ሰዎች አብዛኞቹ ወረራው ወደ ኬንያ ያሰደዳቸው፣ በስደተኛ ሰፈር የቆዩና እዚያው የተመለመሉ ነበሩ። ጎጃምን ብዙዎቹ ከዚያ በፊት ረግጠዋት አያውቁም። አገራቸውን ነፃ ለማውጣት በመጡበት ቀበሌ «ከወዴት ናችሁ?» ተብለው የሚጠየቁ ሰዎች ናቸው። ይህን ጥያቄ አራተኛው ክፍል ውስጥ አንዲት ውኃ ቀጂ ትጠይቃለች፤ መልሱን ለመጻፍ አንድ ሳምንት ፈጅቶብኛል።

ቦታውን ማየት ግን አሳዘነኝ። የትም ብንቆም ከካሜራው ፊት ባሕር ዛፍ አለ፤ ከባሕር ዛፉ ጀርባ ቆርቆሮ ያበራል፤ ከቆርቆሮው በላይ የመብራት ሽቦ ያልፋል። የካሜራ ባለሙያው ሽቦውን በኮምፒዩተር ማጥፋት ይቻላል ይላል፤ ቆርቆሮውንም። ባሕር ዛፉን ግን ማጥፋት ማለት ኮረብታውን እንደ ገና መሥራት ማለት ነው። ከሁለት ሰዓት መንከራተት በኋላ ከወንዙ ወዲህ አንድ ጠባብ ሸለቆ አገኘን፤ ሁለት ዋርካ፣ የታጨደ ማሳና አንድ አውድማ ብቻ ይታይበታል።

ጤፍ የሚወቁት ባለቤት ሥራቸውን አቁመው መጡ። የምንፈልገውን ስናስረዳ በጥሞና ሰሙና «በስንት ወር ነው የምትቀርጹት?» ብለው ጠየቁኝ።

«መስከረም ላይ አስበን ነበር፤ አገሩ ሲያምር።»

«ጣልያን የሸሸው በየካቲት ነው አላላችሁም፣ ጋሼ? መስከረም ላይ እዚህ ጭቃና አበባ ነው። በየካቲት አቧራ ነው። አቧራውን ትታችሁ ምን ልታሳዩ ነው?»

ለዚህ መልስ አልነበረኝም። የእኛ አገር የፊልም ባለሙያ ሁሉ አደይ አበባ ይወዳል፤ እኔም አንዱ ነኝ። ግን በሺዎች የሚቆጠር ሰው ከነበቅሎው ሲያልፍ የሚነሣው አቧራ ጦሩን ገና ከሩቅ ያሳብቅበታል፤ ተደብቆ ያለውም ሰው ከእግሩ ዳና ይታወቃል። የቀረጻ ጊዜው ወደ የካቲት እንዲዛወር እዚያው ተስማማን፤ ባለቤቱም ምርታቸው እስኪገባ እንድንጠብቅና ለተረገጠው ገለባ እንድንከፍል አስማሙን። ገለባ ለከብት ምግብ መሆኑን ፕሮዲዩሰሩ ረስቶት ነበር።

ስለ ድምፅ ደግሞ አንድ ነገር ልጨምር። ጌዴዎን ጦር የተዋጋው በጥይት ብቻ አልነበረም። ካርቱም ላይ በጋዜጠኛው በጆርጅ ስቲር መሪነት «ባንዲራችን» የሚባል የአማርኛ ጋዜጣ ይታተም፣ ይበተንም ነበር፤ ለጣልያን ተሰልፈው በየምሽጉ ላሉት የአገር ልጆች ደግሞ በድምፅ ማጉያ በቋንቋቸው ይለፈፍላቸው ነበር። በጨለማ፣ ከማይታይ ቦታ፣ በአማርኛ የሚጠራ ድምፅ ለማዘጋጀት አንድ ሰውና አንድ ማጉያ ይበቃል። ይህን ያህል ርካሽ ሆኖ ይህን ያህል የሚያስፈራ ትዕይንት የለኝም።

ሐሙስ፣ ጥር 21፤ ቡሬ

አስተርዮ ማርያም ናትና ማንም ሥራ አልያዘም፤ እኛም ብዙ አልሠራንም። ቀድሞ ወጀት ትባል በነበረችውና አሁን ፍኖተ ሰላም በምትባለው ከተማ ቁርስ በላን፤ ማንኩሳን አልፈን ቡሬ ገባን። የዊንጌት ጦር ከሱዳን ሲነሣ ስንቁን የጫነው በሺዎች በሚቆጠሩ ግመሎች ላይ ነበር፤ ግመሎቹ ዳገቱና ብርዱ ላይ አለቁ፤ መንገዱን የሚከተል ሰው ከጠረናቸው ያውቀው ነበር። ለግመል የሚሆን ገንዘብ የለኝም፤ ጠረንም አይቀረጽም። ተዋናዮቹ አፍንጫቸውን በነጠላ ሸፍነው ሲያልፉ ይበቃል።

ሌላው ያስደሰተኝ ቁጥሩ ነው። ይህ ጦር ከሁለት ሺህ የማይበልጥ ነበር፤ ብዙ መስሎ ለመታየትም ሌሊት ሌሊት ከዚህም ከዚያም እየተኮሰ ሲያዋክብ ከረመ። ታሪኩ ራሱ ሰው አጥሮት ነበር ማለት ነው። ጸሐፊውና ፕሮዲዩሰሩ ለመጀመሪያ ጊዜ ተስማምተው ጠላ ጠጡ።

ዓርብ፣ ጥር 22፤ እንጅባራ

ከቡሬ ወደ እንጅባራ ስንወጣ ብርዱ ተመለሰ። የአዊ ኮረብታዎች ለከሰል በሚተከለው ዲከረንስ ተሸፍነዋል፤ ገበሬውን እንደጠቀመው ሰው ሁሉ ይናገራል፤ ለእኔ ግን ሌላ ባሕር ዛፍ ነው። ዘንገና ሐይቅ ዳር ብቻ የጥንቱ ጫካ ቀርቷል፤ የካሜራ ባለሙያው እዚያ ሁለት ሰዓት ጠፋብን።

ማታ ያረፍንበት ሆቴል ድረስ አንድ አዛውንት የአባታቸውን ዝናር ይዘው መጡ። ቆዳው ደርቋል፤ በኪሶቹ ውስጥ ጥቂት ቀለህ አለ። የአልባሳት ኃላፊዋ በመደዳ ያሠራቻቸውን አዳዲስ ዝናሮች ፎቶ ስታሳያቸው ተመለከቱና፣ «የእናንተ አርበኛ ጥይት ሞልቶታል» አሏት። የአባታቸው ጠመንጃ ውጅግራ ነበር፤ ጓደኛቸው ምንሽር ነበረው፤ የአንዱ ጥይት ለአንዱ አይሆንም። የተኮሱትንም ቀለህ አይጥሉም፤ እንደገና ይሞላል። ዝናሩ የሚሞላው በአብዛኛው ባዶ ቀለህ ነበር፤ ከሩቅ ለሚያይ ሰው ሙሉ እንዲመስል። በስክሪፕቴ ሁለተኛ ክፍል አርበኞቹ ሲፎክሩ ወደ ሰማይ ይተኩሳሉ። ሰረዝኩት። ይሸልላሉ፣ ያቅራራሉ፣ ጥይት ግን አይነካም።

ቅዳሜ፣ ጥር 23፤ እንጅባራ

የአገው ፈረሰኞች ማኅበር በዓል ነው። ማኅበሩ የተመሠረተው በ1932 ዓ.ም. ነውና ዘንድሮ 80 ዓመቱ ነው፤ የሚዘከረውም የዓድዋ ድልና በዓድዋ የዋሉ ፈረሶች ውለታ ነው። 1932 ዓ.ም. ጣልያን ገና ያልወጣበት ዓመት መሆኑን ልብ ያለ ሰው ይህ ዝክር በዚያ ዘመን ምን ማለት እንደ ነበረ አያጣውም፤ የዲማው ተማሪ ቢኖር ኖሮ ሰምና ወርቁን ይለይልኝ ነበር። ሜዳው በፈረስ ተሞላ። ቀይ፣ አረንጓዴና ቢጫ ዕቃ የተጫነባቸው፣ አንገታቸውን የሰበቁ ፈረሶች በመደዳ ሲመጡ የካሜራ ባለሙያው ሌንስ መቀየር ረስቶ ቆመ። እኔም ያየሁትን ሁሉ በቁጥር ለመያዝ ሞክሬ ተውኩት።

ከሰዓት በኋላ የፈረሰኞች አለቃ ከሆኑ አንድ ሽማግሌ ጋር ተቀመጥን። አርባ ፈረስ እንደምፈልግ ነገርኳቸው፤ ለስንት ቀን፣ ማን እንደሚቀልብ፣ ቢታመም ማን እንደሚያሳክም ጠየቁኝ። ተስማማን። ከዚያ «ፈረሱ ምን ያደርጋል?» አሉኝ። ስክሪፕቱን አውጥቼ አነበብኩላቸው፦ ፈረሰኞቹ ይጋልባሉ፤ መትረየስ ይተኩሳል፤ ግንባር ቀደሙ ፈረስ ተመትቶ ይወድቃል፤ ጋላቢው ተነሥቶ ጎራዴውን መዝዞ ወደ ምሽጉ ይሮጣል።

«እንዴት ነው የሚወድቀው?»

ማንም እንደማይጎዳው፣ ተኝቶ የሚለማመድ ፈረስ እንደምንመርጥ፣ የቀረው በካሜራ ብልኃት እንደሚሠራ አስረዳኋቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ያሰቡት ግን እሱን አልነበረም።

«ጋላቢው ሮጦ ሄደ አልክ። ከዚያስ ፈረሱ?»

«ፈረሱ... ይቀራል፤ ትዕይንቱ እዚያ ያልቃል።»

«እንዴት ያልቃል? ኮርቻውን ማን ያወልቅለታል? ፈረስ ከነኮርቻው አይጣልም እኮ ልጄ። ማታ ተመልሶ የሚያወልቅለት ሰው አለ።»

መኪናው ሞተሩን አስነሥቶ ይጠብቀኛል። ስምንተኛው ክፍል ባዶ ወረቀት ላይ፣ ከአናቱ፣ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦ «ምሽት። ሜዳው ጸጥ ብሏል። አንድ ሰው ፋኖስ ይዞ ኮርቻ ሊያወልቅ ይመጣል።»